አንድ ስንዝርና አንድ ፍሪጅ

ለማንም ተናግሬው የማላውቀውን ነገር ዛሬ አንድ ፍሪጅ አናዘዘኝ።

እዚህ ካርቲየ 6 በሚባለው ሰፈራችን የጎረቤቴ የኸዲጃ አዲስ ፍሪጅ በእኔ የቆርቆሮ አጥርና በእሷ ግድግዳ መካከል ተቀርቅሮ ቀረ። ከዚያች መተላለፊያ ሌላ መውጫ ስለሌላት እሷም ከውስጥ ታገተች።

እንደ ሁልጊዜው «አጥሩ ድንበሬን ገፍቷል» ብላ ስለጮኸች ሽማግሌዎች ተጠሩ። «አጥሩ በቦታው ነው ብለሽ ማይ» አሉኝ።

አፌ እምቢ አለ። ሟቹ ባለቤቴ አጥሩን ሲተክል የመለኪያውን ገመድ ጫፍ የያዝኩት እኔ ነበርኩ። ዞር ሲልልኝ አንድ ስንዝር ወደ ኸዲጃ ግቢ ሳብኩት። ለልብስ ማስጫ ብዬ! እሱ ምንም ሳያውቅ «ድንበር ገፊ» እንደተባለ ሞተ።

ይህን ስናገር ኸዲጃ ከፍሪጁ ጀርባ ጮኸች፦ «አቦ! አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ የረገምኩት ንጹሕ ሰው ነው?»

«አዎ፣ እህቴ።»

«እንግዲያው እርግማኑን ሁሉ ወዳንቺ አዙሬዋለሁ፤ በስንዝር እየለካሽ ተረከቢ! እሱን ግን ነገ መቃብሩ ድረስ ሄጄ ይቅርታ እጠይቀዋለሁ። አንቺም ትመጫለሽ።»

ሽማግሌዎቹ ሳይቀሩ ሳቁ። ቆርቆሮው ተነቀለ፤ ፍሪጁም ገባ።

እናንተስ ከጎረቤት ስንት ስንዝር ወስዳችኋል? እዚህ ተናዘዙ።

ኸዲጃ አማርኛ አታነብም። ስለዚህ ይህን ጽሑፍ ነገ ከመቃብር ስንመለስ እኔው አነብላታለሁ።