የከብት ኮሶ ብዬ የተረጎምሁት

ባለፈው ሳምንት አንድ ትሑት ወጣት ቤቴ መጥቶ የሳይንስ ቃላት በአማርኛ የተሰየሙበት ረጅም ዝርዝር ሰጠኝ። «እርስዎ ብዙ ያነበቡ ስለሆኑ አስተያየትዎን ይጻፉልን» አለኝ። ትሕትናው ከመናደድ አላዳነኝም። በግራ በኩል የፈረንጁ ስም፣ በቀኝ በኩል የሐበሻው፣ በመካከላቸው አንዲት ቀጭን ሰረዝ። ነገሩ ምን እንደሚሠራ፣ ማንን እንደሚያድንና ማንን እንደሚገድል የሚናገር አንድ ዐረፍተ ነገር እንኳ የለም። ስም ከስም ጋር ጥንድ ጥንድ ሆኖ እንደ ሚዜ ተሰልፏል።

ሦስተኛው ገጽ ላይ ካርቦን ቴትራክሎራይድን አገኘሁት። ዛሬ ይህን ቃል የሚያውቅ ብዙ ሰው የለም፤ ባያውቀውም አልፈርድበትም። ፍቺው ቀላል ነው፤ አንድ የካርቦን ቅንጣት አራት የክሎሪን ቅንጣቶችን ይዞ ሲገኝ ነው። ውሃ የመሰለ፣ ሽታው ጣፈጥ የሚል ፈሳሽ ነው። በዘመኑ ከልብስ ላይ ቅባት ያስለቅቁበት፣ እሳት ያጠፉበት፣ ከብት ጉበት ውስጥ የተቀመጠ ትል ይገድሉበት ነበር። ዝርዝሩ ለዚህ ፈሳሽ ያወጣለት የአማርኛ ስም ሦስት ቃል ነው፤ ያምራል። እኔ ግን ከነሱ ሠላሳ ዓመት ያህል ቀድሜ፣ ገበያ መሀል ቆሜ፣ በአንድ ትንፋሽ በሁለት ቃል ሰይሜው ነበር። የእኔም ያምር ነበር።

ሃምሳዎቹ ሊያልቁ ሲሉ ነው። ወረታ በአስተማሪነት ተመድቤ ነበር፤ ዕድሜዬ ገና ሃያ፣ ኩራቴ ግን የስልሳ ዓመት ሰው የሚያህል። ታላቅ እህቴ ከከተማው ወደ ሐይቁ በሚዘረጋው ሜዳ ላይ፣ ከርብ ወንዝ ብዙም ሳትርቅ ትኖር ነበር። ባሏ ከሞተ ሁለት ዓመት ሆኗታል። የቀራት መሬቱና አንድ በሬ ነው። አንድ በሬ ብቻውን አያርስም፤ ጎረቤቷም ያለው አንድ ስለሆነ ሁለቱን ያቀናጁና አንድ ቀን የእሱን፣ አንድ ቀን የእሷን እርሻ እሱው ያርሳል። ይህ ቅንጅት እስካለ ድረስ እህሉ ሙሉ በሙሉ የእሷ ነው። በሬው ከሌለ ግን መሬቱን ጥንድ ላለው ሰው ለእኩል መስጠት ነው፤ ከዚያ ወዲያ የራሷን እርሻ ዳር ቆማ የምታይ ሴት ትሆናለች። ይህን በሄድሁ ቁጥር ትነግረኝ ነበር፤ ስለዚህ አላወቅሁም ማለት አልችልም።

ፎገራ በክረምት ውሃ ይተኛበታል። ውሃው ሲሸሽ የሚወጣው ሣር ከብት ያሰባል፤ ያው ሣር ከብት ያሳምማል። ከሣሩ ጋር የሚገባው፣ ቅጠል የመሰለ ጠፍጣፋ ትል ጉበት ውስጥ ገብቶ ይቀመጣል። በዚያ ዓመት ጥቅምት ላይ የእህቴ በሬ ከመንጋጋው ሥር አበጠ፤ ጠጉሩ ቆመ፤ ጎድኑ ተቆጠረ። ጓያ የሚዘራበት ጊዜ ደርሷል።

አንድ የከብት ሐኪም በገበያ ቀን ወረታ ይመጣል ተብሎ ተወራ። መጣ። ካኪ ለብሶ፣ ከአንድ ሾላ ሥር ጠረጴዛ ዘርግቶ ቡናማ ጠርሙሶች ደረደረ። እህቴ በሬውን እየነዳች፣ እኔ ከኋላዋ እየተከተልሁ ደረስን። ሰውዬው የበሬውን ዓይን ገልጦ አየ።

«የጉበት ትል ነው። መድኃኒቱ ካርቦን ቴትራክሎራይድ ይባላል።»

ተሰላፊው ሁሉ ስሙን ወደደው። አንድ ሽማግሌ ለባልንጀራቸው «ይህን ስም ሲሰማ ትሉ በገዛ እግሩ ይወጣል» አሉ።

እህቴ አልሳቀችም። «ጌታው፣ ምን ማለት ነው?»

«ካርቦን ቴትራክሎራይድ ማለት ነው።»

«እሱንስ ሰማሁ። ምን ማለት ነው?»

«ሴትዮ፣ ቢነግሩሽም አይገባሽ። ጠዋት በዚህች መስፈሪያ አንድ ጊዜ ታጠጪዋለሽ፤ በቃ።»

ወደ እኔ ዞረች። «አንተ አስተማሪ ነህ። ምን ማለት ነው?»

ጠርሙሱን ተቀበልሁ። በትልልቁ የተጻፈውን ስም፣ ተሰላፊው እንዲሰማኝ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነበብሁት። ከሥሩ አራት መስመር ደቃቅ የእንግሊዝኛ ጽሕፈት ነበር፤ በዓይኔ ሮጥሁበት። ውስጡ አንድ የማላውቀው ቃል አጋጠመኝ፤ ዘለልሁት። የተጠየቅሁት ስለ ስሙ ነው፤ ስሙን ደግሞ አላውቀውም። አላውቅም ማለት በአማርኛም በእንግሊዝኛም እችል ነበር። ገበያው ያየኛል።

«የከብት ኮሶ ማለት ነው» አልሁ።

ፊቷ በራ። «እንዲህ አትሉኝም ኖሯል?» አለችው ሐኪሙን። እሱም ትከሻውን ነቅነቅ አድርጎ «እንዲያ በይው» አለና ወደሚቀጥለው በሬ ዞረ።

ኮሶ ማለት ምን እንደሆነ ለእህቴ ማንም ሊያስተምራት አይችልም። በእኛ ቤት ኮሶ የሚጠጣ ሰው ማታ አይበላም፤ ጠዋት በባዶ ሆዱ ይጠጣል፤ ትሉ ሲወጣለት ደክሟልና ጠላ ይቀርብለታል። በሬውም እንደዚያው ሆነ። ማታ ጭድ ከፊቱ ተነሣ። ጠዋት ጎረቤቷ ቀንዱን ይዞ አንገቱን ቀና አደረገው፤ እሷ በመስፈሪያዋ ለክታ፣ ጠብታ ሳታበዛ አጠጣችው። እኩለ ቀን ላይ ለዝክር ከጠመቀችው ጠላ የወጣውን ወፍራም አተላ ገበቴ ሙሉ አቀረበችለት።

«ይህን ሁሉ ጾሞ! ይካስ እንጂ» አለች።

ቅዳሜ ስለነበር እኔም ቆሜ አይ ነበር። በሬው ገበቴውን ላሰው። «ከአንተ የተሻለ ጠጪ ነው» አለችኝ፤ ሳቅሁ።

በሦስተኛው ቀን ሞተ። የዓይኑ ነጭ ብጫ ሆኖ ነበር። ጎረቤቷ ሲቀብረው አለቀሰ፤ እሷ አላለቀሰችም። ሰፈሩ «ዓይን በላው» አለ፤ ያን ሰሞን በደጇ ያለፈው ማን እንደሆነ መጠየቅም ተጀመረ። የተማረ ሰው በዓይን አያምንም፤ ከዚያ የተሻለ ማብራሪያ ግን አልነበረኝም።

ማብራሪያውን ያገኘሁት ወረታ፣ በረንዳው ላይ የስፌት መኪናውን ከሚያሽከረክር አንድ ሙስሊም ልብስ ሰፊ ዘንድ ነው። ሱሪዬ ላይ ቅባት ፈስሶበት ይዤለት ሄድሁ። አንዲት ጠርሙስ ሲከፍት ያ ጣፈጥ የሚል ሽታ መጣ። ስሙን አነበብሁ፤ ያው ራሱ ነው።

«ይህን ለከብት አይሰጡትም?» አልሁት።

«ለከብቱ እንጃ፣ መምህር። አሥመራ የሸጠልኝ ሰው ሁለት ነገር መክሮኛል። በር ክፈት፤ በዚህ በምትሠራበት ቀን መጠጥ የቀመሰ ሰው አጠገብህ አይቀመጥ። ከመጠጥ ጋር ከተገናኘ ጉበት ይጨርሳል አለኝ።» ጨርቁን በፈሳሹ ነከረ። «እኔስ አልጠጣም፤ የሚያሰጋው ለእናንተ ነው።»

ሱሪዬን ጥዬለት ወጣሁ። እህቴ ባዶውን ጠርሙስ ለላምባ አስቀምጣው ነበር፤ ተቀብያት ወደ ትምህርት ቤት ወስጄ፣ መዝገበ ቃላት ከፍቼ ያን የዘለልሁትን ቃል ፈለግሁት። የፈላ፣ የተብላላ ማለት ነው። ለተራበና ለከሳ ከብት አይሰጥ፤ ከሰጡም በኋላ የተብላላ መኖ አያስከትሉ፤ አራቱ መስመር የሚለው ይህንኑ ነው።

ከዚያን ቀን ጀምሮ የሚያናድደኝ ብዙ ነው። መድኃኒቱን አንድም አንባቢ ወደሌለበት ሜዳ፣ ማንም በማያነበው ቋንቋ ጽፎ የላከው ያናድደኛል። በየቤቱ አተላ በሚጠጣ በሬ መካከል ተቀምጦ ስለ አተላ አንዲት ቃል ያልተነፈሰው፣ ለጠየቀችው ሴት አይገባሽም ያለው ያናድደኛል። ሰው በሳይንስ የማይገፋው በገዛ ቋንቋው ስም ስለሌለው ነው የሚሉኝም ያናድዱኛል። በገዛ ቋንቋዋ፣ ከእናቷ ጡት ጋር በጠባችው ቃል ነገርኋት እኮ። የፈረንጁ ስም አላታለላትም፤ አስፈርቷት አስጠየቃት እንጂ። ጥያቄዋን የዘጋባት የእኔ አማርኛ ነው። እንግዳ ነገር እንግዳ ሆኖ ቢቀርብ ሰው ይጠነቀቀዋል፤ የዘመድ ልብስ አልብሰን ስናስገባው ግን ገበቴ ይቀርብለታል።

ወጣቱ ነገ ዝርዝሩን ሊወስድ ይመጣል። ከሦስት ቃላቸው ጎን በእስክሪብቶ «በባዶ ሆድ አይሰጥም፤ አተላ አያስከትሉም» ብዬ ጽፌአለሁ። ምን ለማለት እንደፈለግሁ ሊገባቸው አይችልም፤ ትልቅ ሰው ስለሆንሁ ግን በትሕትና ያመሰግኑኛል።

ያኔ ከመዝገበ ቃላቱ ተነሥቼ በቀጥታ ወደ እህቴ ሄድሁ። ደጅ ተቀምጣ ያንኑ ገበቴ በአሸዋ ትፈትጋለች። ልብስ ሰፊው ያለኝን፣ ጠርሙሱ ላይ የተጻፈውን አንድ ሳላስቀር ነገርኋት። መፈተጓን አላቆመችም።

«እንግዲህ የገደለው አተላዬ ነው?»

«አይደለም። ኮሶ ነው ያልሁሽ እኔ ነኝ።»

«በደጄ ያለፈ ሰውም የለበትም?»

«ማንም የለበትም።»

«ለሰፈሩ ትነግርልኛለህ።»

«እነግራለሁ።»

«ምነው ታዲያ ያኔ አላውቅም ብትል?»

ገበቴውን አለቅልቃ ግድግዳው ሥር ደፋችውና ነጠላዋን አነሣች። ጥንድ በሬ ወዳለው ሰው ቤት ልትሄድ ነው፤ መሬቱን ለእኩል ልትሰጠው። ጥቂት ከተራመደች በኋላ ቆመች፤ ያዘነችልኝ መሰለኝ።

«ቃሉስ ጥሩ ነበር» አለች። «ወዲያው ነው የገባኝ።»