«ልጅቷ ወጣች ወይ?»

የበረኪና ሽታ በሸተተኝ ቁጥር ኩዌት፣ ሐዋሊ ሰፈር የነበረው ሕንፃችን ደረጃ ትዝ ይለኛል። በኮሮናው በጋ እማዬ የምትሠራበት የሴቶች ፀጉር ቤት ተዘግቶባት የሕንፃውን ደረጃ ማጠብ ጀምራ ነበር፣ እኔም ያኔ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ነበርኩና መወልወያውን ይዤ እከተላት ነበር፤ ሦስተኛ ፎቅ ስንደርስ ሁለታችንም ሥራ እንፈታ ነበር።

እዚያ በራቸው ላይ ወንበር አውጥተው፣ ማስካቸውን አገጫቸው ሥር አውርደው የሚቀመጡ አቡ ሳሚ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ። በወጣትነታቸው፣ ቴሌቪዥን ለኩዌት ብርቅ በነበረበት ዘመን፣ የጥንት የጀርመን ትያትሮችን በዐረብኛ እያሳጠሩ ለቴሌቪዥን ያዘጋጁ ነበር። ደንባቸው አንድ ነበር፦ «ንግግሩ ሳያልቅ ሻዩ ከፈላ፣ ቁረጠው!» ሻይ ሊያወርድ የተነሳ ተመልካች አይመለስማ።

አንድ ሰሞን ከእነዚያ ትያትሮች የአንዱን ታሪክ፣ አባቷ ግንብ ውስጥ ስለቆለፈባት ልጅ ያወሩልን ጀመር። እማዬ የዕለቱን ሰምታ፣ ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ፣ በአማርኛ በስልኳ ቀድታ ለአክስቴ ለፋጡማ ትልክላት ነበር። ፋጡማ አርዲያ የሚባል ሰፈር ሰው ቤት ትሠራ ነበር፤ በሽታው ከገባ ወዲህ ማዳሟ ደጅ አላስወጣ ብላት፣ እህል አልወርድላት ብሎ፣ ድምፅዋ ከቀን ወደ ቀን እየሰለለ ሄዶ ነበር። እማዬ የጀርመኑን ግንብ ደሴ አምጥታ ተክላው፣ አባትየውንማ ቁርጥ የእኛን አገር ባላባት አድርጋው ነበር። ፋጡማም ቀስ በቀስ መብላት ጀምራ፣ በየቀኑ «ልጅቷ ወጣች ወይ?» እያለች ትጠይቅ ነበር።

ሙቀቱ ሲበርድ የታሪኩ መጨረሻ ደረሰ። «ትሞታለች» አሉን አቡ ሳሚ። «ያን ጊዜ በቴሌቪዥን ያዩት ሴቶች ምግብ ተሸክመው ስቱዲዮው ድረስ ለቅሶ መጡ። ተዋናይዋ በደህና ወጥታ ብትታያቸውም አልተጽናኑም።»

«ታዲያ ምን አደረጋችሁ?» አልኳቸው።

«ምን እናደርጋለን፣ ምግቡን በላነው።»

እማዬ ግን አልሳቀችም። ውሸት የማትወድ ሴት ነበረች፣ የሽማግሌውንም ሥራ ከልቧ ታከብር ነበር፤ «አሞ»፣ አጎቴ፣ እያለች ነበር የምትጠራቸው። «አሞ፣ እህቴ ተዘግቶባታል። እኔ ልጅቷን አልገድላትም» አለቻቸው።

«የሚሰማሽን ሰው የምታውቂው አንቺ ነሽ። ቁረጪው» አሏት።

እሷም ስልኳን ወደ አፏ አስጠግታ፣ «ፋጡማዬ፣ ወጣች። በሩን በርግዳ ወጣች» አለች።

ብርዱ ሲገባ ፋጡማ እንደምንም ፈቃድ አግኝታ መጣች፣ ያንን ደረጃ ስትወጣ እያየሁ በእናቴ የኮራሁትን ያህል በማንም ኮርቼ አላውቅም።

በቅርቡ የትያትሩን እውነተኛ መጨረሻ ለፋጡማ ነገርኳት። «ያኔውኑ አውቄዋለሁ» አለችኝ። «እናትሽ ‹ወጣች› ስትል ድምፅዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። እኔ እንድወጣ መፈለጓ እንደሆነ ሲገባኝ ነው ደህና አድርጌ የበላሁት።»

ዛሬ እኔም ለፊልሞች የግርጌ ጽሑፍ እተረጉማለሁ፣ አንድ ቃል አይጎድልብኝም፤ ፋጡማ የእናቴን ድምፅ በየቀኑ እንደጠበቀችው የእኔን ቃል የሚጠብቅ ሰው ግን ገና አላገኘሁም።