ጠመኔው ያወጣው ስንጥቅ

ዛሬ ጠዋት ከየካ ሚካኤል ዳገቱን ስንወጣ ከታክሲያችን ሥር «ቋ!» አለ። ጭነቱን ከሚሸከሙት የኋላ ባሌስትራ ድርብርብ ብረቶች አንዱ ተሰብሮ ነው።

እየተንፏቀቅን ጋራዥ ደረስን። ሹፌሩ የተሰበረውን ብቻ ቀይሮ ሊሄድ ነው።

እኔ ደግሞ የማስተምረው ብረት ጭነት ሲመላለስበት መቼ እንደሚሰነጠቅ ማስላት ነው። ስልኬን አውጥቼ አሰላሁና «ሌሎቹ ገና ብዙ ወር ይሠራሉ» አልኩት። (ማን ጠየቀሽ?)

መካኒኩ ጋሽ ተሰማ «ቆዪ እስቲ ልጄ» አሉኝ። ቀጣዩን ብረት በነጭ ጋዝ አርሰው ጠረጉት፤ ከቦርሳዬ ያወጣሁትን ጠመኔ ተቀብለው ቀቡት፤ በመዶሻ መታ መታ አደረጉት።

ደህና ነው ባልኩት ብረት ላይ፣ ስንጥቁ ውስጥ የሰረገው ጋዝ ጠመኔውን አርሶ፣ ፀጉር የምታክል ጥቁር መስመር ብቅ አለች። ሁሉም ይቀየር ተባለ።

«ስንት ሰው ይጭናል ብለሽ ነው ያሰላሽው?» አሉኝ።

«አስራ ሁለት፤ ሊብሬው ላይ ያለውን።»

ጋሽ ተሰማ ሹፌሩን አዩት። ሹፌሩ እኔን አየኝ።

ጠዋት «እባካችሁ ረፍዶብኛል፣ ትንሽ ጠጋ በሉልኝ» ብዬ ሦስት ሰው በሚይዘው ወንበር ላይ አራተኛ የተቀመጥኩት እኔው ነኝ።

እስቲ እናንተም ሳትደብቁ ንገሩኝ፤ ዛሬ ታክሲ ውስጥ ስንተኛ ሆናችሁ ተቀመጣችሁ?