አራት ወር የበላው ቀጠሮ

«የተጠባባቂነት ጊዜው ስላለፈ አቤቱታው ውድቅ ተደርጓል።» ዛሬ ጠዋት ሰበታ ፍርድ ቤት ለልጄ የተነበበላት ውሳኔ ይኸው ነው።

ልጄ ለጤና ጣቢያ የላቦራቶሪ ሥራ ተወዳድራ አንደኛ ተጠባባቂ ሆነች። ዝርዝሩ ለስድስት ወር ያገለግላል ተብሎ ተለጠፈ።

ያሸነፈችው ልጅ በሁለተኛው ወር ሥራውን ለቀቀች። መሥሪያ ቤቱ ግን ልጄን በመጥራት ፈንታ አዲስ ማስታወቂያ አወጣ። በማግስቱ ከሰስን።

ከውሳኔው በኋላ የመሥሪያ ቤቱን ነገረ ፈጅ ኮሪደር ላይ ያዝኩት።

«ስንከስ ስንት ወር ቀርቷት ነበር?»

«አራት፣ ጋሼ።»

«የት ገባ?»

«በቀጠሮ አለቀ።»

«ቀጠሮውን ማን ጠየቀ?»

«እኛ ነና። ሰነድ አልተሟላልንም ነበር እኮ!»

አልተሟላም የተባለው ሰነድ ራሳቸው የለጠፉት የተጠባባቂዎች ዝርዝር ነው። ሦስት ጊዜ ቀርበው «እየፈለግን ነው» ሲሉ፣ ዝርዝሩ የገዛ ግድግዳቸው ላይ ነበር።

ስንመለስ ታክሲ ውስጥ ልጄ «አባዬ፣ ይግባኙስ ስንት ወር ይፈጃል?» አለችኝ።

ከእናንተ መካከል ተጠባባቂ ተብሎ በእውነት የተጠራ ሰው አለ? ካለ እንዴት እንደተጠራ ይጻፍልኝ። ለልጄ አነብላታለሁ።