የታችኛው ቦይ ጓል

ክንዱ ወንዳወቅ ከማንኩሳ ወጣ ብላ ባለች መንደር ድንችና ሽንኩርት ያለማል። ዕድሜው ሃምሳን አልፏል። ብዙ አይናገርም፤ ሲናገርም መሬት መሬት እያየ ነው። በታኅሣሥ መጀመሪያ የታችኛው ቦይ አባወራዎች መራጭ አድርገው ሰየሙት። አልተደሰተም። ሄደህ ጣለው ብለው የላኩበት ሰው ታላቅ ወንድሙ ነበር።

ክረምቱ ሲወጣ የመንደሩ ወንዝ ከላይ ይጠለፍና በአምስት ቦዮች ይከፋፈላል። ውኃውን በተራ የሚያካፍለው ሰው የውኃ አባት ይባላል። በየዓመቱ ይመረጣል፤ የሚመርጠው ግን ሕዝቡ በአንድ ላይ ተሰብስቦ አይደለም። የየቦዩ ሰዎች ለብቻቸው ይመክራሉ፣ የሚፈልጉትን ሰው ይወስናሉ፣ ከዚያ አንድ መራጭ ወንዙ ወደሚጠለፍበት ቦታ፣ ወደ ጠለፋው ይልካሉ።

መራጩ ባዶ እጁን አይሄድም። ከቦዩ አፍ አንድ እርጥብ የጭቃ ጓል ይቆረጣል። የላኩት ሰዎች በየተራ እጃቸውን ያሳርፉበታል። ጓሉ በኮባ ቅጠል ተጠቅልሎ ይሰጠዋል። እሱም ተሸክሞ ሄዶ እንዲመርጥ በታዘዘው ሰው እግር ሥር ያስቀምጠዋል። በአምስቱ ጓሎች የዓመቱ የመጀመሪያ ክትር ይሠራል። ክትሩን በእግሩ ረግጦ የሚያጠብቀው ደግሞ የተሸነፈው ነው፤ በኋላ የኔ አይደለም እንዳይል።

የክንዱ ወንድም ስሙ እንዳለው ነው፤ ለዓመታት የውኃ አባት ሆኖ ኖሯል። ባለፈው በጋ ሙቀቱ ሲበረታ ለላይኞቹ ሁለት ቦዮች ተራ ጨመረ። የላይኞቹ መሬት አሸዋማ ነው፣ ውኃ አይዝም አለ። የታችኛው ቦይ ድንች በማሳው ላይ ደረቀ። ዘንድሮ የታችኞቹ ዳኘው የሚባል ጎልማሳ ይሁንልን አሉ። ክንዱ በምክክሩ ላይ ተነሥቶ የወንድሙን ያህል ውኃ የሚያውቅ ሰው እንደሌለ ተናገረ። የሰማው አልነበረም። ይባስ ብለው መራጩ አንተ ነህ አሉት።

«ወንድሙን እንዴት እንልካለን?» አለ ስመኘው የሚባል ጎረቤት።

«እሱን ነው እንጂ የምንልከው» አለች ወለተ ጊዮርጊስ። ማሳዋ የቦዩ ጭራ ላይ ያለ፣ ውኃ መጨረሻ የሚደርሳት አሮጊት ናት። «እኔ ብሄድ ምላሷ ነው የጣለው ይባላል። አንተ ብትሄድ ከእንዳለው ጋር ያለህን የድንበር ጠብ ይዘህ መጣህ ይሉሃል። ክንዱ ካደረሰው ግን ማን ምን ይላል?»

«ካላደረሰውስ?»

«እንግዲያ ዓመቱን ሙሉ ከሱ ቤት እንበላለና። ሚስቱ እንደሁ ደግ ናት።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። ክንዱ አልሳቀም። «እኔ የማስበውን እኮ ነግሬያችኋለሁ» አለ።

«ነገርከን፤ ተሸነፍክ። አሁን የምትይዘው የኛን ነው።»

በማግስቱ ዓርብ፣ ክንዱ ከማሳ ሲገባ ስልክ ተደወለ። አምለሰት ናት፤ የእንዳለው ልጅ። ፍኖተ ሰላም ተምራ፣ ዕጣ ደርሷት አሜሪካ የገባች። የክንዱ ሚስት እናኑ ድምፁን ከፍ አድርጋ ስልኩን መደቡ ላይ አስቀመጠችው።

«አጎቴ፣ እኔም መራጭ ሆንኩ እኮ» አለች አምለሰት።

«ዜግነቱን ከሰጡሽ ትመርጫለሻ።»

«እሱን አይደለም። ፕሬዚዳንቱን ከሚመርጡት አንዷ እኔ ነኝ።»

«ሕዝቡ መርጦ የለ? በሬዲዮ ሰማነ።»

«መርጧል። ግን ሕዝቡ ድምፅ ሲሰጥ፣ እኛን ነው የሚልከው። በየክፍለ ግዛቱ ያሸነፈው ወገን የሰየማቸው ሰዎች መራጭ ይሆናሉ። በጠቅላላው አምስት መቶ ሠላሳ ስምንት ነን። ሰኞ ሁላችንም በያለንበት ክፍለ ግዛት ዋና ከተማ እንሰበሰብና የተላክንበትን ሰው ስም ጽፈን እንፈርማለን። ፕሬዚዳንት የሚመረጠው ያን ጊዜ ነው።»

«ባለሥልጣኖች ናችሁ?»

«የምክር ቤት አባልና የፌዴራል ሹም መራጭ መሆን ክልክል ነው። እኛ ዘንድ አንዱ ጡረታ የወጣ አውቶቡስ ነጂ ነው። አንዷ አስተማሪ ናት። እኔን ያውቁኛል፤ አረጋውያን አጥባለሁ፣ አበላለሁ። በምርጫው ሰሞን ቤት ለቤት ስቀሰቅስ አዩኝና ሰየሙኝ።»

እናኑ መስመሩ የተቋረጠ መስሏት ስልኩን አንሥታ አየችው።

«ያን የሚያህል አገር» አለ ክንዱ፣ «እንዲህ ባለ ሰው እጅ ነው የሚያልፈው?»

«ነው እንጂ።»

«እጅሽ ሌላ ስም ቢጽፍስ?»

«አንዳንዱ ክፍለ ግዛት ድምፁን ይሰርዝና ሌላ ሰው ይተካል። እኔ ያለሁበት ግን የሚያግድ ሕግ የለውም። ቃል መግባቴ ብቻ ነው ያለው።» ድምፅዋ ዝቅ አለ። «ሰሞኑን የማላውቃቸው ሰዎች ይደውሉልኛል። ስሙን ቀይሪ ይሉኛል። አንዱ ይለምነኛል፣ አንዱ ይሰድበኛል። ስልኩን እዘጋለሁ፤ እጄ ግን ይንቀጠቀጣል።»

ክንዱ ስልኩን ወደ ራሱ አስጠጋ።

«አባባ ነገ ለምርጫ ይቀርባሉ አሉኝ» አለች። «የታችኛውን ቦይ ጓል ማን ያዘው?»

እናኑ ባሏን አየችው።

«እኔ።»

«የማንን ነው የያዙት?»

«የቦዩን።»

አምለሰት «ደኅና ይሁኑ» ብላ ተሰናበተች።

ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ክንዱ ደጅ ወጥቶ ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። ጓል መሸከምን እስከዚያ ቀን ድረስ የድኻ ሥርዓት አድርጎ ነበር የሚያየው፤ ወረቀትና ማኅተም ያጣ ሰው የፈጠረው መላ። ስሙ በዓለም የገነነው አገር፣ ያ ሁሉ ሚሊዮን ሕዝብ ተሰልፎ ድምፅ ከሰጠ በኋላ፣ ነገሩን መልሶ ለአንድ አውቶቡስ ነጂና ለአንዲት የማንኩሳ ልጅ ይሰጣል። እነሱም አንድ ቀን ጠዋት ከቤታቸው ተነሥተው ያደርሱታል። ካላደረሱትስ? ክንዱን የያዘው ኩራት አልነበረም። ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ ጫማውን ሲያወልቅ የሚሰማው ዓይነት ፍርሃት ነበር።

«ራትህ በረደ» አለችው እናኑ ከውስጥ።

«መጣሁ» አለ፤ አልተነሣም።

ቅዳሜ ጠዋት ጓሉ ተቆረጠ። እጆች አረፉበት። ክንዱ በኮባ የተጠቀለለውን ጭቃ በሁለት እጁ አቅፎ ወደ ላይ ሄደ። ሕጉን ያውቃል። ከጠለፋው አጠገብ አንድ ትልቅ ዋርካ አለ። የዋርካው ጥላ ጠለፋውን ሲነካ ምርጫው ይዘጋል፤ ያልደረሰ ቦይ አልመረጠም ማለት ነው። ጓሎቹ እኩል ከሆኑ ደግሞ የነበረው የውኃ አባት ይቀጥላል።

መንገዱ እኩሌታው ላይ አንድ ትንሽ ጅረት ያቋርጣል። ድንጋዮቹ ሙልጭልጭ ናቸው። ክንዱ ዕድሜውን ሙሉ ተሻግሯቸዋል። ያን ቀን እግሩ ከዳው። በጉልበቱ ወደቀ፣ ቅጠሉ ተፈታ፣ ጓሉ ውኃ ውስጥ ገባ። ጅረቱ ለአፍታ ቀላ፤ ወዲያው ጠራ።

ዳር ወጥቶ ተቀመጠ። ጉልበቱ ይደማል። ሁለቱ የላይ ቦዮች ከእንዳለው ጋር እንደሆኑ፣ ሁለቱ የመካከል ቦዮች ከዳኘው ጋር እንደሆኑ ቀድሞ ሰምቷል። እሱ ካልደረሰ እኩል ነው። እኩል ከሆነ ወንድሙ ይቀጥላል። ማንም ሊከሰው አይችልም፤ የራሰ ሱሪውና የደማ ጉልበቱ ምስክሮቹ ናቸው። ከትናንት ጀምሮ በልቡ ሲለምን የነበረውም ይህንኑ ነው፤ ወንድሙን በገዛ እጁ ሳይጥል የሚቀርበት አንድ ሰበብ። ሰበቡ መጣ። እንዲህ ፈጥኖ መምጣቱ አስፈራው።

ጎንበስ ብሎ ከጅረቱ ዳር ጭቃ ዘገነ። ቀለሙ ያው ነው። ጠቅልሎ ቢወስደው የሚለየው የለም። እጅ ግን አላረፈበትም። ጣለው፤ እጁን ታጠበ፤ እያነከሰ ወደ ኋላ ተመለሰ።

ወለተ ጊዮርጊስ ሽንኩርቷን ስትኮተኩት አየችው።

«ምነው? ጨረስክ?»

«ወንዝ ወሰደብኝ።»

አሮጊቷ ጉልበቱን አየች። ከዚያ ፊቷን ወደ ማሳዎቹ አዙራ ተጣራች። የነበሩት መጡ። ገበያ በወረዱት ሰዎች ፈንታ ሚስቶቻቸው መጡ። ስመኘው ከቦዩ አፍ አዲስ ጓል ቆረጠ። ዳግመኛ እጆች አረፉበት፤ የጭቃ እጅ፣ የሊጥ እጅ፣ አንድ የታመመ ሽማግሌም በዘንግ ተደግፎ ደርሶ ነካው። ማንም ለምን እንደወደቀ አልጠየቀም። ክንዱ ጓሉን በኮባ ጠቅልሎ አቀፈው።

«ጉልበትህ ደምቷልና ሩጥ አልልህም» አለች ወለተ ጊዮርጊስ። «ቶሎ ግን ድረስ።»

ጠለፋው አጠገብ አራት ጓሎች ተቀምጠዋል። ሁለቱ በእንዳለው እግር ሥር፣ ሁለቱ በዳኘው እግር ሥር። ምርጫውን የሚመሩት ቄስ ክንፈሚካኤል ጥላውን ያያሉ።

«ወንድም አይደል እንዴ፤ አይመጣም» አለ ከዳኘው ወገን አንዱ፣ ሰው እንዲሰማው አድርጎ።

እንዳለው ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ነበር። «የሰው ዕቃ ይዞ የቀረበትን ቀን አላውቅም» አለ፤ ወደ ሰውየው አልዞረም።

ጥላው ከጠለፋው ድንጋይ ሁለት ስንዝር ሲቀረው ክንዱ በመንገዱ ብቅ አለ። ሱሪው እስከ ጭኑ ጭቃ ነው። ሕዝቡ መንገድ ለቀቀለት።

«ማን ላከህ?» አሉት ቄሱ፣ እንደ ሥርዓቱ።

«የታችኛው ቦይ።»

«የያዝኸው የማን ነው?»

«የላኩኝ ሰዎች ነው።»

«አድርስ።»

ወንድሙ ፊት ለፊት ነበር። ክንዱ በአጠገቡ አለፈ። ቅጠሉን ፈታ፣ ጓሉን በሁለት እጁ ዳኘው እግር ሥር አስቀመጠ። ያጨበጨበ የለም። ዳኘው ራሱ እንኳ ፈገግ አላለም። ቄሱ ቆባቸውን አወለቁ፤ ያየ ሁሉ ባርኔጣውን አወለቀ።

እንዳለው ጫማውን አወለቀ። ሱሪውን ሰብስቦ ቦዩ ውስጥ ገባ። ዳኘው ጓሎቹን አንድ በአንድ ደረደረለት፤ እሱ ረገጠ። አራቱ ፀሐይ ላይ ቆይተው ነበርና ተረከዙ ሥር እየተሰነጠቁ ተፈረፈሩ። አምስተኛው ላይ ሲደርስ እግሩ ሰጠመ። ቆመ። ወደ ታች አየ። ከዚያ የወንድሙን ጉልበት አየ።

«ይሄ አሁን የተቆረጠ ነው» አለ።

«አዎ ጋሼ።»

«የፊተኛውስ?»

«ጅረቱ ወሰደው።»

«ወሰደው ብለህ ብትቀመጥ እኩል ነበርነ።»

«አውቃለሁ።»

«ዳኘው ከኔ ይሻላል ብለህ ነው?»

«አይሻልም።»

ዳኘው ካጎነበሰበት ቀና ብሎ አየው።

እንዳለው መርገጡን ቀጠለ። አራቱን ፍርፋሪ ከእርጥቡ ጓል ጋር አዋሃደ፤ ተያያዙ። ክትሩ ውኃውን ያዘ። ሲጨርስ ለመውጣት እጁን ዘረጋ፤ ክንዱ ሳበው።

«እስከ ገና ቤቴ እንዳትመጣ» አለው ዝቅ ባለ ድምፅ።

«እሺ።»

«ከገና በኋላ ና።»

እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ ሰዎች ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ሲወጡ የእንዳለው ስልክ ጮኸ። ጆሮው ትንሽ ስለሚከብደው የስልኩን ድምፅ ከፍ አድርጎ ነው የሚነጋገረው። ክንዱ ጥቂት ራቅ ብሎ ግንቡን ተደግፎ ቆሟል።

«ተሸነፍኩ» አላት እንዳለው ለልጁ።

«ማን ጣለዎት አባባ?»

«የታችኛው ቦይ።»

«አጎቴስ?»

እንዳለው ስልኩን ወደ አፉ አስጠጋ። በዙሪያው ያሉት ሰዎች ወሬያቸውን አቁመው ነበር።

«አጎትሽ አደረሰ» አለ። «ያንቺ ነገ ነው?»

«ነገ ነው። ትናንትም ሲደውሉልኝ ነበር። እጄ አሁንም ይንቀጠቀጣል።»

«ይንቀጥቀጥ» አላት። «አድርሺ።»

ስልኩን ኪሱ ከተተ። ወንድሙን ቀና ብሎ ሳያይ ወደ ላይኛው መንደር የሚወስደውን መንገድ ያዘ።