የቶኖሜትር ትርጓሜ

ስምንት ዓመት ሙሉ በእጄ ይዤው ስውል ስሙ ምን ማለት እንደሆነ አንድ ቀን እንኳ ጠይቄ አላውቅም ነበር። አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል፤ እውነቱ ግን ይኸው ነው።

ዕቃው ቶኖሜትር ይባላል። ከመዳፍ የማይበልጥ ብረት ነው፤ ከታች ጎድጎድ ያለች ትንሽ እግር፣ ከላይ ቁጥር የተጻፈበት ሰሌዳና አንዲት መርፌ አለው። ታካሚው በጀርባው ይተኛል፤ ማደንዘዣ ጠብታ አደርግለታለሁ፤ ወደ ጣሪያው ትክ ብሎ ሲያይ ብረቱን ቀስ ብዬ ዓይኑ ላይ አቆመዋለሁ። አዎ፣ ዓይኑ ላይ! ስማር እኔንም ዘግንኖኝ ነበር። መሐሉ ያለችው ቀጭን ዘንግ ዓይኑን በስሱ ትጫናለች። ዓይኑ ለስለስ ያለ ከሆነ ዘንጓ ሰመጥ ትላለች፣ መርፌዋም ብዙ ትሄዳለች፤ ዓይኑ የጠነከረ እንደሆነ ግን መርፌዋ ካለችበት እምብዛም ንቅንቅ አትልም። ስለዚህ ቁጥሩ ሲያንስ ግፊቱ በዝቷል ማለት ነው። ይህን ለታካሚ ማስረዳት አበሳ ነው፤ ትንሽ ቁጥር ስነግረው "ተመስገን" ይለኛል።

የምሠራው መንዝ ውስጥ ባለች አንዲት ከተማ፣ በአንድ የዓይን ክፍል ነው። ክፍሉ አንድ አልጋ፣ አንድ ጠረጴዛና አንድ መስኮት ነው፤ ደጃፉ ላይ ታካሚዎች ተራ የሚጠብቁበት ረጅም አግዳሚ አለ። እኛ ሠራተኞቹ ብረቱን በአጭሩ "ቶኖ" እንለዋለን። አግዳሚው ላይ ያሉት ደግሞ "ማኅተሙ" ብለውታል፤ ዓይን ላይ ረገጥ ተደርጎ ስለሚነሣ መሆን አለበት። "ዛሬ ማኅተሙን አታደርጊልኝም ወይ?" ይሉኛል፤ እኔም "ተራዎ ሲደርስ" እላለሁ። ማን ምን ብሎ ቢጠራው ግድ አልነበረኝም። እኔ ችኩል ሰው ነኝ። ያ ሁሉ ሰው በር ላይ እየጠበቀኝ ምን ስም አጣራለሁ!

ይህ ሁሉ የተለወጠው የኔታ ሲመጡ ነው።

የኔታ ፊደል ያስቆጠሩኝ መምህሬ ናቸው። ከዘመሮ ወዲያ ባለች ደብር ቄስ ናቸው፤ ይቀድሳሉ፣ ያስተምራሉ፣ በጉልበታቸው ዘመን ደግሞ ብራና ፍቀው መጽሐፍ ይጽፉ ነበር። የእሳቸው ነገር እንዲህ ነው፦ አንድ ቃል አንብበህ ትርጓሜውን ካልነገርሃቸው ወደሚቀጥለው አታልፍም። አታልፍም ማለት አታልፍም! ፀሐይ ብትጠልቅም እዚያው ቃል ላይ ያውሉሃል። እኔ ደግሞ ያን ጊዜም ችኩል ነበርሁ፤ ስንት ቀን ምሳዬ እንደቀረ እኔ ነኝ የማውቀው።

የመጡት በታኅሣሥ፣ በነቢያት ጾም ነው። ቀኝ ዓይናቸው ጠፍቷል። ደብረ ብርሃን ያየቻቸው ሐኪም የዓይን ግፊት መሆኑን ነግራቸው፣ ግራውን ለማዳን ጠዋትና ማታ የሚደረግ ጠብታ ጽፋላቸው፣ ክትትሉን ወደ እኔ ላከችው። በዚህ በሽታ የጠፋ እይታ አይመለስም፤ የሚቻለው የቀረውን መያዝ ብቻ ነው። ግራው ከጠፋ የኔታ አይቀድሱም፣ አያነቡም። "ማንበብ ከተውሁማ ምኑን ኖርሁት" አሉኝ ገና እንደተቀመጡ። ዳዊታቸውን ከማኅደሩ አውጥተው አነበቡልኝ፤ ራሳቸውን ሳያዞሩ ከመስመሩ ዳር እስከ ዳር በአንድ ዓይናቸው ጥርት አድርገው።

ማደንዘዣውን ሳነሣ ግን እጄን ያዝ አደረጉት።

"ልጄ፣ ይህን ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ ብታደርጊልኝ?"

ጠዋት ሦስት ሰዓት ነበር። በሩ ክፍት ነው፤ አግዳሚው ግጥም ብሏል።

"የኔታ፣ ዓይን እኮ ነው፤ አፍ አይደለም!" አልኋቸው።

ውጭ ያለው ሰው ሳቀ። እኔም በቀልዴ ደስ አለኝ። እሳቸው ዝም ብለው ተኙልኝ። ጠብታው ከገባ በኋላ ምራቃቸውን ሲውጡ ፊታቸው ጭምድድ ሲል አይቻለሁ፤ ብረቱን ፈርተው መስሎኝ "አይዞዎት" አልሁ። መርፌዋ ጥቂት ነቅነቅ ብላ ቆመች። ጠብታውን ሰጥቼ ሸኘኋቸው።

በጥር መጨረሻ ሲመለሱ መርፌዋ ደህና አድርጋ ሄደች። በደስታ እጄን አጨበጨብሁ። "ጠብታውን ይጨምራሉ አይደል?" ብላቸው "እጨምራለሁ" አሉኝ። ከዚያ ሁዳዴ ገባ፤ መንገዱም ሩቅ ነው፤ እስከ ፋሲካ አልተያየንም።

ዳግማይ ትንሣኤ ባለፈ በሳምንቱ መጡ። ገና በሩ ላይ አግዳሚው ጉልበታቸውን ገጫቸው፤ ከጎናቸው ያለውን አላዩትም። አስተኝቼ ብረቱን አቆምሁት። መርፌዋ ንቅንቅ አላለችም። ብረቱ ላይ የሚጫነውን ክብደት ቀይሬ ደገምሁት። ያው ነው። ሦስተኛ ደገምሁት።

"የኔታ፣ ጠብታውን ይጨምራሉ?"

"እጨምራለሁ፣ ልጄ።"

የኔታ አይዋሹም። እንግዲያው መድኃኒቱ አልያዘላቸውም ማለት ነው ብዬ፣ ለቀዶ ጥገና አዲስ አበባ የሚልካቸውን ወረቀት መጻፍ ጀመርሁ። ፊደሌ ተበላሸብኝ። በዚያ ዕድሜያቸው፣ አንድ ዓይን ብቻ ቀርቷቸው፣ ያንን ሁሉ መንገድ! እሳቸው አልጋው ላይ እንደተኙ ወደ ጣሪያው እያዩ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ፣

"ለመሆኑ የዚህ ብረት ስሙ ማነው?" አሉኝ።

"ቶኖሜትር።"

"ትርጓሜውስ?"

"የዓይን ግፊት መለኪያ ነው።"

"እሱ ሥራው ነው። እኔ የጠየቅሁሽ ስሙን ነው።"

ወይ ጣጣ! በጣም ተናደድሁ፤ ልደብቀው አልችልም። እኔ ስለ ዓይናቸው አንጀቴ እያረረ እሳቸው ፊደል ቤት መለሱኝ!

"የኔታ፣ አሁን ይሄ የስም ጊዜ ነው?"

"አሁንም ወደሚቀጥለው ለማለፍ ትቸኩያለሽ" አሉኝ።

ምን አደርጋለሁ? ኔትወርክ የሚገኘው መስኮቱ ሥር ብቻ ነውና ስልኬን ይዤ እዚያ ሄድሁ፤ ክንዴን በመስኮቱ አውጥቼ ፈለግሁት። መጀመሪያ የጀመርሁት በንዴት ነበር። ሲከፈትልኝና ሳነበው ግን ንዴቴ የት እንደገባ እንጃ፤ ስምንት ዓመት አብሬው የኖርሁት ሰው አባቱ ማን እንደሆነ ገና ያወቅሁ መሰለኝ።

"ከጽርዕ ነው" አልኋቸው።

ጽርዕ በግእዙ የግሪክ ቋንቋ ነው፤ ቃሉን ያስተማሩኝም ራሳቸው ናቸው። የኔታ ብድግ ብለው አልጋው ላይ ተቀመጡ። እንደዚያ ያለ ፊት ፈተና ስመልስላቸው እንኳ አላየሁባቸውም።

"በይ፣ ከፍለሽ ንገሪኝ።"

"ቶኖስ ማለት መወጠር፤ ሜትሮን ማለት መስፈሪያ።"

"ሜትሩንስ ጨርቅ ሻጩም ያውቀዋል" አሉ። ከዚያ ቀስ ብለው "የውጥረት መስፈሪያ" ብለው ደገሙት። በመሐል ጣታቸው አየሩን መታ መታ አደረጉ። "ብራና በእንጨት ላይ ስወጥር መድረሱን የማውቀው እንዲህ በጣቴ እየመታሁ ነበር። ለካ ቶኖሜትር ጣቴ ላይ ኖሯል!" ብለው ሳቁ። እኔም ሳቅሁ።

ሳቃቸው ግን መሐል ላይ ቆመ። 

"ብራና ሲርስ ይላላል፣ ሲደርቅ ይወጠራል" አሉኝ። "እንግዲያው የእኔም ዓይን ጠብታውን ሳያገኝ ሰንብቶ ነዋ የተወጠረው።"

"ሳያገኝ ማለት?"

"ሁዳዴን ጠዋት ጠዋት አልጨመርሁትም። ማታ ከቀመስሁ በኋላ ነበር የምጨምረው። ሰሙነ ሕማማትን ጭራሽ አልነካሁትም። በምቀድስበትም ቀን እንዲሁ ነው፤ ከፋሲካ ወዲህ ደግሞ ሳልቀድስ የዋልሁበት ቀን ጥቂት ነው።"

ወረቀቱን ገፋ አደረግሁት። "ለምን? ኧረ ለምን?"

"ይወርዳል፣ ልጄ። ከዓይን ወደ ጉሮሮ ይወርድና አፍ ይመራል። አፌን መርሮኝ ሳለ ምንም አልቀመስሁም ብዬ ልቀድስ? በመጀመሪያው ቀን እዚሁ አልጋ ላይ ጾሜን ገድፌያለሁ።"

"ታዲያ ለምን አልነገሩኝም?"

"ነግሬሽ ነበር እኮ። ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ አድርጊው አልሁሽ። አፍ አይደለም አልሽኝ።"

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። ያች ቀልዴ፣ ሰው ያሳቅሁባት! "ይጨምራሉ?" ስላቸው "እጨምራለሁ" ማለታቸውም እውነት ነበር፤ መቼ መቼ ብዬ መች ጠየቅሁ? ከታኅሣሥ ወዲህ የሰጠኋቸው ብልቃጥ ቶሎ ቶሎ ማለቅ ሲገባው ሌላ ስጪኝ አለማለታቸውንስ መች አስተዋልሁ?

የብራናው ነገር እንኳ ልክ አልነበረም። ዓይን የሚወጠረው ደርቆ ሳይሆን ውስጡ ያለው ውሃ መውጫ አጥቶ ሲጠራቀም ነው፤ ጠብታው ውሃው እንዳይበዛ ያደርጋል። ይህን ሳስረዳቸው "ታዲያ ትርጓሜዬ ፈረሰ" አሉኝ። "ይፍረስ የኔታ፤ እንኳን ተናገሩት" አልኋቸው።

ከዚያ ስማር በአንድ ዓረፍተ ነገር የተነገረኝ፣ እኔም ጊዜ የለኝም እያልሁ ለማንም አሳይቼው የማላውቀው ነገር ትዝ አለኝ። ከዓይን ጥግ፣ በአፍንጫው በኩል፣ ወደ ጉሮሮ የምትወርድ ቀጭን ቦይ አለች። ጠብታው ከገባ በኋላ ዓይንን ጨፍኖ ያችን ጥግ በጣት ጥቂት ደቂቃ ቢጫኗት መንገዱ ይዘጋል። መድኃኒቱም ዓይን ውስጥ ይቆያል። ወቅቱ የፍስክ ነበር፤ የዚያን ቀንም አልቀደሱም፤ ስለዚህ እዚያው ሞከርነው። ጠብታውን አደረግሁላቸው፤ ጣታቸውን ይዤ ቦታውን አሳየኋቸው። ሰዓቴን ልይ ስላቸው "ተዪው" ብለው አቡነ ዘበሰማያትን በሹክሹክታ አራት ጊዜ ደገሙ። ከዚያ ምራቃቸውን ዋጡ። እኔም አብሬ ዋጥሁ።

"አልመረረኝም" አሉ።

"አልመረረዎትም?"

"አልመረረኝም አልሁሽ! ግን ንስሐ አባቴን ሳልጠይቅ አላደርገውም።"

ወረቀቱን አልቀደድሁትም፤ መሳቢያ ውስጥ አስቀመጥሁት። ለሐኪሟ ደውዬ ነገርኋት፤ በየሁለት ሳምንቱ ለኪያቸው፣ ካልወረደ ይሂዱ አለችኝ። ንስሐ አባታቸው ፈቀዱላቸው። በሀምሳው ቀን ውስጥ መርፌዋ ቀስ በቀስ መንቀሳቀስ ጀመረች፤ እኔ ግን የምፈራው የሰኔን ጾም ነበር። ጾም ሲመጣ ልባቸው ቢቀየርስ እያልሁ ስንት ቀን ተብሰለሰልሁ።

ጾሙ በተፈታ ሰሞን፣ ሐምሌ ጭቃው ሲያቦካ፣ ካፖርታቸው ርሶ መጡ። በርጋታ አስተኛኋቸው፤ ብረቱን አቆምሁት። መርፌዋ ሄደች! በጥር እንደሄደችው ሄደች። ደግሜ ለካሁት፤ ያው ነው።

"ሄደች፣ የኔታ! ውጥረቱ ላልቷል!" ብዬ ያንን ወረቀት ከመሳቢያ አውጥቼ በፊታቸው ቀደድሁት።

እሳቸውም ደስ ብሏቸው ዳዊታቸውን ከማኅደሩ አወጡና ማንበብ ጀመሩ። በታኅሣሥ ራሳቸውን ሳያዞሩ ያነበቡት ሰው አሁን በየመስመሩ አንገታቸውን ያዞራሉ። አንድ መስመር ሲያልቅ የሚቀጥለው መጀመሪያ ይጠፋባቸዋል፤ በጣታቸው ዳሰው ያገኙታል።

"ዳር ዳሩ የት ገባ?" አሉኝ።

"በሁዳዴ የጠፋ ነው፣ የኔታ።"

"እሱስ አብሮ አይመለስም?"

"አይመለስም።"

አለቀስሁ። "የእኔ ጥፋት ነው፤ አፍዎን የዘጋሁት እኔ ነኝ" አልኋቸው። ዳዊቱን ወደ ማኅደሩ እየመለሱ "ግማሹ የእኔ ነው፤ ሁለተኛ ሳልናገር ቀርቻለሁ። ግማሹን አንቺ ያዢው" አሉኝ። ይቅር ብዬሻለሁ ይሉኛል ብዬ ጠብቄ ነበር፤ አላሉኝም። ቆይተው ግን ወደ በሩ አገጫቸውን ቀሰር አድርገው፣

"እነዚያስ?" አሉኝ።

"እነማን?"

ተነሥተው መቃኑን ይዘው በሩ ላይ ቆሙ። አግዳሚው እንደወትሮው ሞልቷል፤ ቄስም አለ፣ መነኩሲትም አለች፣ ነጠላቸውን የተከናነቡ እናቶችም አሉ። ሁሉም ጠብታ ይወስዳሉ፤ ሁሉንም "ይጨምራሉ?" ብዬ ጠይቄ "እጨምራለሁ" ብለውኝ ጽፌያለሁ።

"እስቲ እውነቱን ንገሯት" አሉ የኔታ። "በጾም ቀን ጠዋት ጠብታውን የሚጨምር ማነው?"

 አንዱ አንዱን አየ። ከዚያ ከዳር እስከ ዳር አንገታቸውን ደፉ። በመጨረሻ ከሁሉም ለበሩ ቅርብ የነበሩት አሮጊት፣ ይቅርታ እንደሚጠይቅ ሰው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣

"ይመራል እኮ፣ ልጄ" አሉኝ።