ፈርጄ የሰማሁበት ሳምንት

ባለፈው ሳምንት ነቀምቴ ላይ ለርዕሳነ መምህራን ሥልጠና ተብሎ ሦስት ቀን አዳራሽ ውስጥ ከረምን። ጡረታ ለመውጣት መንፈቅ የቀረውን ሰው ስለ አመራር ማሠልጠን ምን ይሉታል እያልሁ ነው የሄድሁት፤ በምሳ ሰዓት በቅቤ የራሰ አንጮቴ ሲቀርብልን ግን ማጉረምረሜን ተውሁ። አሠልጣኙ ከአዲስ አበባ የመጣ ትሁት ወጣት ነው። መጋረጃውን አስዘግቶ ከየፊልሙ የተቆራረጡ ትዕይንቶች ያሳየናል። አንዱ የጦር አዛዥ ነው፣ አንዱ ዳኛ፤ ሁሉም ዙሪያቸው ሲናወጥ ግራ ቀኙን አይተው፣ ሳይቸኩሉም ሳይፈሩም የሚወስኑ ሰዎች ናቸው። "ሚዛናዊ መሪ" ይላቸዋል። ከዚያ መብራቱን አበራና፣ "እስቲ እያንዳንዳችሁ ስለ መሪነት ያስተማራችሁን አንድ ፊልም ንገሩኝ" አለ። ተራው እኔ ዘንድ ሲደርስ "እኔን እለፈኝ" አልሁት። የምጠራው ፊልም ጠፍቶኝ ግን አልነበረም።

ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። ከጎጃም ተመድቤ የመጣሁበት ትምህርት ቤት ነቀምቴ አጠገብ ካለችው ከጉቴ ከተማ ወደ ውስጥ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ነው፤ በድርቁ ጊዜ ከወሎ የመጡ ገበሬዎች የሰፈሩበት መንደር። ርዕሰ መምህሩ ታመው ሲሄዱ፣ ከአምስታችን መምህራን ዲፕሎማ ያለኝ እኔ ብቻ ነበርሁና ተጠባባቂ አደረጉኝ። ወላጆች "መምህር" ብለው ከመቀመጫቸው ሲነሱልኝ፣ ማን መጣ ብዬ ወደ ኋላዬ እዞር ነበር። መሪነት ምን እንደሆነ የነገረኝ ሰው አልነበረም፤ ቁልፉን ብቻ ነው የሰጡኝ።

በግንቦት ወር አንድ አርብ፣ ጓደኛዬ "ነቀምቴ ጥሩ ፊልም ገብቷል፣ ቅዳሜ እንዳትቀር" ብሎ ስለላከብኝ፣ ከሰዓት በኋላ ክፍለ ጊዜው ሳያልቅ ወጣሁ። ዝናቡ ጀምሮ ስለነበር ቀዩ ጭቃ ጫማዬ ላይ እየተጋገረ እግሬን አከበደው። ጉቴ ስደርስ ማንጎ ገዝቼ አይሱዙ ላይ ወጣሁና፣ ጭማቂው እስከ ክርኔ እየወረደ ነቀምቴ ገባሁ። የቢሮውን በር ቆልፌው ይሁን ገፋ አድርጌው ብቻ እስከ ዛሬ አላስታውስም።

ቪዲዮ ቤቱ በአግዳሚ የተሞላ የቆርቆሮ ቤት ነበር። ዝናቡ ጣራው ላይ ሲወርድ የፊልሙ ድምፅ አይሰማም፤ ቢሰማም እንግሊዝኛው ለእኛ አይነት አልነበረም። ፊልሙ ወረርሽኝ ስለገባባት መርከብ ነው። ሁለት ካሴት ነበረው፣ ባለቤቱም ተሳስቶ ሁለተኛውን አስቀደመ። ይህን ያወቅሁት በዓመቱ ሌላ ቦታ እንደገና ሳየው ነው፤ የዚያን ዕለት ግን ፊልሙን ካየነው ሰዎች አንድም የነቃ አልነበረም።

እናም እንዳየነው ልንገራችሁ። ካፒቴኑ ገና ከመጀመሪያው እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆሟል። ሰው ሁሉ ይጮኽበታል፤ እሱ አንዲት ቃል ተናገረ፣ መርከቡ ጸጥ አለ። ምግብ አብሳዩ ሽማግሌ ሞቶ በአንሶላ ተጠቅልሎ ባሕር ገባ። መርከቧም በደህና ወደብ ደረሰች። ለእረፍት ወጥተን ሻይ በቦምቦሊኖ ጠጥተን ስንመለስ፣ ካፒቴኑ ቤቱ ሆኖ ሚስቱን ያቅፋል። እየተሰናበታት ኖሯል፤ እኛ ግን እንኳን ደህና ገባህ የምትለው መስሎን ደስ አለን። ከዚያ ወደ መርከቡ ተመለሰ። የሞተው አብሳይ ድስት እያማሰለ ብቅ ሲል ቤቱ ተንጫጫ። "ወንድሙ ነው፤ ሊተካው መጥቶ ነው" አለ ከኋላዬ አንድ ሰውዬ፣ ሁላችንም ተስማማን። ካፒቴኑም ባርኔጣውን አውልቆ ከክፍል ክፍል እየዞረ፣ ትልቁንም ትንሹንም ይጠይቃል፣ ያዳምጣል። እያዳመጠ ሳለ ካሴቱ አለቀ። የፈረንጅ ፊልም እንዲህ ነው የሚያልቀው ብለን አጨበጨብን።

እኔ ግን ነገሩ አጥንቴ ድረስ ገባ። መጀመሪያ ሳያመነታ የሚፈርድ፣ ከዚያ ዝቅ ብሎ ፍርዱን የሚመረምር ሰው! እሑድ ወደ መንደሩ ስመለስ እጄን ወደ ኋላዬ አጣምሬ ነበር የምሄደው።

ሰኞ ጠዋት ለሬዲዮ ትምህርት የምንጠቀምባት አንዲቷ ሬዲዮ ከቢሮው ቁም ሣጥን ውስጥ አጣናት። የሒሳብ መምህሩ ታደለ በዕድሜ ይበልጠኛል፤ ፊቱ ቀልቶ መጣ።

"አርብ ከሰዓት የስምንተኛ ክፍሏ ዘሐራ ከቢሮህ አንገቷን ደፍታ ስትወጣ በዓይኔ አይቻለሁ" አለኝ። "የወላጅ ኮሚቴው ሰምቷል። ዛሬ ካልቀጣህ ነገ ወንበሩንም አታገኘውም።"

ዘሐራ የአቶ ሰይድ ልጅ ናት፤ በትምህርቷ ከክፍሉ አንደኛ። የሚኒስትሪ ፈተና አንድ ወር አልቀረውም። ሰልፍ ላይ ከሰው ሁሉ ፊት አወጣኋትና ጠየቅኋት።

"አርብ ቢሮ ገብተሽ ነበር?"

"አዎ፣ ጋሼ።"

"ምን ልታደርጊ?"

ዝም አለች። ሁለት ጊዜ፣ ሦስት ጊዜ ጠየቅኋት፤ ዓይኗን ከሰንደቁ እንጨት አላነሳችም። እኔም እጄን ወደ ኋላ አጣመርሁ። "ከዛሬ ጀምሮ ትምህርትሽ አብቅቷል" አልሁ። ሦስት መቶ ልጅ ጸጥ አለ። ደብተሮቿን ከመሬት ሰብስባ፣ ጭቃቸውን ጠራርጋ ሄደች። አላለቀሰችም። ልዋሽ አልችልም፣ በዚያች ደቂቃ ደስ ብሎኝ ነበር። ቁመቴ የጨመረ መስሎኝ ነበር።

ማክሰኞና ረቡዕ እንደ ካፒቴኑ መዞር ጀመርሁ። ከክፍል ክፍል፣ ከቤት ቤት ጠየቅሁ፣ አዳመጥሁ። አንዱ ዘሐራን የምታህል ጨዋ የለችም ይላል፤ አንዱ ሬዲዮ ሲዘፍን በእነሱ ጓሮ ሰማሁ ይላል፤ ሌላው የለም፣ የታደለ ዓይን ደካማ ነው ይለኛል። በሰማሁ ቁጥር የያዝሁት እየጠፋኝ ሄደ። ፊልሙ ላይ ማዳመጥ ሰውየውን ያረጋጋው ይመስል ነበር፤ እኔን እንቅልፍ ነሳኝ። እንዲህ እየዞርሁ ከትምህርት ቤቱ የአሥር ደቂቃ መንገድ የሆነውን የዘበኛውን የኦቦ ዲንሳን ቤት ረገጥ አላደረግሁም። ኦቦ ዲንሳ ቅዳሜ ማለዳ ለለቅሶ ወደ ስሬ ከተማ ሄዷል፤ የሌለ ሰው ምን ይጠየቃል አልሁ።

ሐሙስ አመሻሽ ላይ ከስሬ ተመልሶ በማዳበሪያ ከረጢት የተጠቀለለ ነገር ታቅፎ መጣ።

"ባርሲሳ፣ አከም? ነጋ ዳ?" አለኝ። መምህር፣ እንዴት ነህ፣ ደህና ነህ ማለቱ ነው። "አርብ ማታ ዝናቡ ኃይለኛ ነው። ያንተ ጣራ ደግሞ ያፈሳል። ሬዲዮ ውሃ ጠጥቶ ይሙት? ቤቴ ወሰድኩት።"

ከረጢቱን ሲፈታው ሬዲዮዋ ደረቅ እንደሆነች ነበረች። አመሰገንሁት። ሌላ ምን ይባላል?

አርብ ጠዋት ሰልፍ ላይ ቆሜ፣ ተሳስቻለሁ፣ ዘሐራ ንጹሕ ናት፣ ዛሬውኑ ትመለስ አልሁ። ልጆቹ እርስ በርስ ተያዩ። ታደለ ቢሮ ድረስ ተከትሎኝ መጣ። "ጥፋትህን ለብቻዋ ብትነግራት ምን ነበረበት? ሁለት ቃል ያለውን ሰው ከእንግዲህ ማን ይሰማዋል?" አለኝ። ያንን ቀን ትክክል የሠራሁ መስሎኝ ነበር፤ ሲናገር ግን እሱም ትክክል መሰለኝ።

ከሰዓት አቶ ሰይድ ቤት ሄድሁ። ከመስጊድ ገና መመለሳቸው ነበር። የተቀቀለ በቆሎ አቀረቡልኝ፤ የልጃቸውን ስም ሳጎድፍ የሰነበትሁ ሰውዬ መሆኔን ፊታቸው ላይ አላየሁም። ዘሐራ የበሩን መቃን ይዛ ቆማለች። ልወስዳት መምጣቴን ነገርኋቸው።

"መምህር፣ እኔስ ሦስት ጊዜ ነው ሽማግሌ የመለስሁ" አሉ። "ትምህርቷን ትጨርስ እያልሁ። ሰኞ ለት አንቱ በሰው ፊት አበቃ አሉ። ከዚያ ወዲያ ደግመው ሲመጡ ምን ብየ ልመልስ? ቃል ሰጠሁ። ኒካው ትናንት ታሰረ።"

"ግን እኮ ንጹሕ ናት፤ ዛሬ ለሁሉም ተናግሬያለሁ" አልሁ።

"የአንቱ ቃል ሰኞ ሌላ፣ አርብ ሌላ ሆነ። የኔ አንድ ነው። የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ።"

ይህን ተረት ከዚያ በፊት መቶ ጊዜ ሰምቼዋለሁ። የወለዱትን አጠገባቸው አቁመው ሲናገሩት ግን የመጀመሪያዬ ነበር። ድምፃቸው ይንቀጠቀጥ ነበርና ጨካኝ ልላቸው አልቻልሁም። ቃላቸውን የሚጠብቁ ሰው ናቸው፣ መንደሩም ለዚህ ነው የሚያከብራቸው። እኔ ቃሌን ያጠፍሁት ለእውነት ብዬ ነው። ከሁለታችን ሚዛኑን የያዘው ማን እንደነበር ስንት ዘመን አሰብሁበት፤ አንድ ቀን እሳቸውን፣ አንድ ቀን ራሴን አደርጋለሁ፣ ብዙውን ጊዜ ግን ማንንም ማድረግ ያቅተኛል። ዘሐራ ፈተናውን አልተፈተነችም።

ከስምንት ዓመት ያህል በኋላ፣ ነቀምቴ ተዛውሬ ስሠራ፣ ቡርቃ ጃቶ በሚባለው ሰፈር መንገድ ላይ አንዲት ሴት "ጋሼ" ብላ ጠራችኝ። አንዱን ልጅ አዝላለች፣ አንዱን በእጇ ይዛለች። እንዴት ነሽ፣ እንዴት ነዎት ተባባልን። ልንለያይ ስንል ለዓመታት ሲከነክነኝ የኖረውን ጠየቅኋት፤ ያን አርብ ቢሮ ምን ልትሠሪ ገብተሽ ነበር?

ደመና እንዳለፈበት ሰማይ ፊቷ ጠቆር አለና ወዲያው ተመለሰ። "አንቱን ፍለጋ ነዋ" አለች። "ሽማግሌዎቹ እሑድ እንደገና ይመጣሉ ሲባል ሰማሁ። አባቴን ያነጋግሩልኛል ብየ ነበር። ሰው ከሌለበት ቢሮ ትንሽ ጠብቄ ወጣሁ።"

"ሰኞ ስጠይቅሽ ለምን አልነገርሽኝም?"

"በዚያ ሁሉ ልጅ ፊት፣ ጋሼ? አባቴን ላዋርደው?" ከዚያ ልጇን እያስተካከለች ጨመረች። "ባገኝዎት ኑሮ እኮ አባቴ ዘንድ መሄድዎት አይቀርም ነበር።"

እሷ ስትፈልገኝ እኔ ጉቴ መንገድ ላይ ነበርሁ፣ ሰው እንዴት እንደሚመራ በፊልም ልመለከት ስሄድ።

በሥልጠናው ሦስተኛ ቀን አሠልጣኙ ልጅ ሰሌዳውን ጠርጎ፣ "ለመሪ ከሁሉ የሚቀድመው ምንድን ነው?" ብሎ ጠየቀ። ቆራጥነት አሉ፣ ማዳመጥ አሉ፣ ራእይ አሉ፤ እየጻፈ ሄደ። እኔም እጄን አነሳሁና "ቢሮ መገኘት" አልሁ። አዳራሹ በሳቅ ተሞላ፤ ሥራ ላይ የማይገኙትን ባልደረቦቻችንን የነካሁ መሰላቸው። ልጁም እየሳቀ ከታች ጻፈልኝና "ያብራሩልን እስቲ" አለኝ። ተነሳሁ። ልናገር አፌን ስከፍት፣ መገኘት ብቻውንስ ይበቃ ነበር ወይ የሚል ጥያቄ መጣብኝ። ያን አርብ ወንበሬ ላይ ቁጭ ብዬ ብታገኘኝ ኖሮ፣ ያ አገሩን የማያውቅ፣ ቁልፍ ይዞ የሚንቀጠቀጥ የሃያ አራት ዓመት ጎረምሳ፣ ተነስቶ አባቷ ቤት ይሄድላት ነበር? ወይስ "ይህ የቤተሰብ ጉዳይ ነው፣ ልጄ" ብሎ ይመልሳት ነበር? አላውቅም። "ሌላ ጊዜ" ብዬ ተቀመጥሁ።

እሷ ግን እንደምሄድላት አልተጠራጠረችም።